ጊዜ ተሻግረው ያዳምጡ የነበሩ ሰዎች፦ ስለ «ስታር ጌት» ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

(ዓመታቱም ወራቱና ቀኖቹም በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ነገሩ እውነት ነው ወይስ የዩቲዩብ ወሬ?

«ስታር ጌት» የተባለው የአሜሪካ መንግሥት ምስጢራዊ ክፍል መኖሩ እውነት ነው። የአሜሪካ መንግሥት ከ1972 እስከ 1995 ድረስ 20 ሚሊዮን ዶላር ገደማ አውጥቶ፣ «በሩቅ ያለውን፣ የተደበቀውን፣ አንዳንዴም ገና ያልሆነውን እናውቃለን» የሚሉ ሰዎችን አሠርቷል። ሥራው የተጀመረው ካሊፎርኒያ፣ ሜንሎ ፓርክ በሚገኘው የስታንፎርድ ምርምር ተቋም ሲሆን የመጀመሪያውን ገንዘብ የሰጠው ሲ.አይ.ኤ. ነው። ከ1970ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ደግሞ ሜሪላንድ ውስጥ በፎርት ሚድ ጦር ሰፈር የራሱ ወታደራዊ ክፍል ነበረው። ስሙ ሲለዋወጥ ኖሯል፦ ግሪል ፍሌም፣ ሴንተር ሌን፣ ሰን ስትሪክ፣ በመጨረሻም ስታር ጌት።

ወሬው የጨመረበት ካባውንና መሐላውን ነው። ሻማ የሚያበሩ፣ በምስጢር ቋንቋ የሚነጋገሩ ሰዎች አልነበሩም። ጥቂት ወታደሮችና ሲቪል ሠራተኞች፣ ጠረጴዛ፣ እስክሪብቶና ነጭ ወረቀት፣ ከዚያም ብዙ ፋይል ነበር። መሐላ ከተባለ የመንግሥት ምስጢር ለመጠበቅ የሚፈረመው ወረቀት ነው።

እነማን ነበሩ?

ምርምሩን የጀመሩት ረስል ታርግና ሃሮልድ ፑቶፍ ሁለቱም የሌዘር ፊዚክስ ሰዎች ናቸው። ኢንጎ ስዋን የኒው ዮርክ ሠዓሊ ነበር፤ ዘዴውን በደረጃ ከፋፍሎ ለማስተማር እንዲመች ያደረገው እሱ ነው። ፓት ፕራይስ ቀደም ሲል የበርባንክ ከተማ የፖሊስ ኮሚሽነር ነበር፤ በ1975 ሞተ። በሩቅ ያለውን እናያለን የሚሉትን «ተመልካች» ይሏቸው ነበር፤ በፎርት ሚድ ስሙ የገነነው «ተመልካች 001» የሚባለው ጆሴፍ ማክሞኒግል ነው። ላቦራቶሪውን ከ1985 በኋላ ኤድዊን ሜይ መራው። ክፍሉ ሲዘጋ የቀሩት ተመልካቾች ሦስት ብቻ ነበሩ።

ያዩ ነበር ወይስ ያዳምጡ?

ስሙ «ሪሞት ቪውዊንግ» ስለሆነ ሰው ሁሉ እንደ ቴሌቪዥን ጥርት ያለ ምስል የሚመጣላቸው ይመስለዋል። እነሱ የሚገልጹት ግን ሌላ ነው፦ ቅዝቃዜ፣ የብረት ሽታ፣ ጉምጉምታ፣ ሻካራ ነገር፣ የከፍታ ስሜት። ስዋን ሥልጠናውን የሰጠው በሬዲዮ ቋንቋ ነው፤ «ምልክት» አለ፣ «ጫጫታ» አለ፤ ጥበቡ አንዱን ከሌላው መለየት ነው ይል ነበር። በአጭር ሞገድ የአማርኛ ዜና ለመስማት ማታ ማታ የሬዲዮውን መቃኛ ሲያጠማዝዝ የኖረ ሰው ምሳሌው ወዲያው ይገባዋል፦ ድምፁ ይመጣል፣ ይሰምጣል፣ በመሃል ሌላ ጣቢያ ይገባል፣ የጎደለውን ቃል ደግሞ ጆሮ ራሱ ይሞላዋል።

ችግሩ ያለው እዚሁ መጨረሻ ላይ ነው። ከሬዲዮው በስተጀርባ ጣቢያ መኖሩን እናውቃለን። እዚህ ግን መጀመሪያ መረጋገጥ ያለበት የጣቢያው መኖር ነው።

አንድ ክፍለ ጊዜ እንዴት ይካሄድ ነበር?

በፎርት ሚድ የተሠራበት የስዋን ዘዴ ስድስት ደረጃዎች አሉት። ተመልካቹና ጠያቂው ጸጥ ባለ ክፍል ውስጥ ፊት ለፊት ይቀመጣሉ። ጠያቂው ቁጥር ያነብባል፤ መጀመሪያ ላይ የኬክሮስና የኬንትሮስ ቁጥር ነበር፣ በኋላ ግን ቁጥሩ ራሱ ፍንጭ ስለሚሰጥ (ካርታ የሚያውቅ ሰው 55 ዲግሪ ሰሜን ሲባል ሩሲያን ያስባል) ትርጉም በሌለው የዘፈቀደ ቁጥር ተተካ።

1. ቁጥሩ እንደተነበበ እጅ ሳያስብ አጭር መስመር ይጭራል። ተመልካቹ ከመስመሩ ጎን ሁለት ነገር ይጽፋል፦ እንቅስቃሴውና ስሜቱ ምን እንደሆነ፣ ከዚያ በአንድ ቃል የመጣለትን (መሬት፣ ውኃ፣ የተሠራ ነገር)።
2. የስሜት ሕዋሳት፦ ድምፅ፣ ሽታ፣ ጣዕም፣ ሙቀት፣ ልስላሴ ወይም ሻካራነት፣ ቀለም። ነጠላ ቃል ብቻ እንጂ ዓረፍተ ነገር አይጻፍም።
3. ስፋትና ቅርጽ። ንድፍ የሚነደፈው አሁን ነው።
4. ገጹ በዓምዶች ይከፈላል፤ የስሜት ቃል፣ የመጠን ቃል፣ የተመልካቹ ስሜት፣ በቦታው ያለው ሰው ስሜት፣ የሚጨበጥ ነገር፣ የማይጨበጥ ሐሳብ፣ እያንዳንዱ በየዓምዱ ይገባል።
5. ከቀደሙት ቃላት አንዱ ተነጥሎ «ከዚህ ስር ምን አለ?» ተብሎ ይመረመራል።
6. በሸክላ ጭቃ ሞዴል ይሠራል።

ከደረጃዎቹ ይልቅ ትኩረት የሚሻው ደንብ አንድ ነው። ተመልካቹ «ድልድይ ነው!» ብሎ የነገሩን ስም ከጠራ፣ ያንን በገጹ ዳር ጽፎ እስክሪብቶውን ማስቀመጥና ማረፍ አለበት። ይህን «ኤ.ኦ.ኤል.» ይሉታል፤ ተደራቢ ግምት ልንለው እንችላለን። «ረጅም፣ ብረት፣ ከስሩ ውኃ» የሚለው ምልክት ሊሆን ይችላል፤ «ድልድይ» የሚለው ግን የአእምሮ ችኮላ ነው። አንዴ ድልድይ ከተባለ በኋላ የሚመጣው ሁሉ ድልድዩን ማስጌጫ ይሆናል። በነገሩ ሁሉ የማያምን ሰው እንኳ ይህን ደንብ ለሌላ ሥራ ሊወስደው ይችላል፤ ምስክር ለሚያናግር ፖሊስ ወይም በሽተኛ ለሚጠይቅ ሐኪም ይጠቅማል።

የወደፊቱን ለማዳመጥ የተደረገው ሙከራ ምን ይመስላል?

በታርግና በፑቶፍ ቤተ ሙከራ ሄላ ሃሚድ ከተባለች ፎቶግራፍ አንሺ ጋር አራት ጊዜ ተሠርቷል፤ በ1976 ታትሟል። ቅደም ተከተሉ ይህ ነበር፦

4 ሰዓት ላይ አንዱ ተመራማሪ አሥር የታሸጉ ፖስታዎች ይዞ በመኪና ይወጣል፤ በየፖስታው የአንድ ቦታ ስም አለ፣ የትኛው እንደሚከፈት ግን ገና አልተወሰነም። ከ4፡10 እስከ 4፡25 ሃሚድ ተመራማሪው ወደፊት የሚቆምበትን ቦታ ትናገራለች። 4፡30 ላይ ተመራማሪው የዘፈቀደ ቁጥር ያወጣል፣ ፖስታውን ይከፍታል። 4፡45 ላይ ቦታው ይደርሳል፣ እስከ 5 ሰዓት ይቆያል። (ሰዓቱን ወደ እኛ አቆጣጠር መልሰነዋል፤ 4 ሰዓት ሲባል የጠዋቱ ነው።)

እንደ ሪፖርቱ ከሆነ ንግግሯን ከቦታዎቹ ጋር እንዲያጣምሩ የተሰጣቸው ዳኞች አራቱንም በትክክል አጣመሩ። አራት ሙከራ ግን አራት ሙከራ ነው። አንድ ሳንቲም አራት ጊዜ ተከታትሎ ዘውድ ሲሆን ያላየ ሰው የለም። የአራት ቦታ ማጣመር ከሳንቲም ይከብዳል፤ ቢሆንም በአራት ሙከራ የጊዜን አቅጣጫ የሚቀይር ድምዳሜ ላይ አይደረስም።

ያለፈውንስ? «ማርስን ከሚሊዮን ዓመት በፊት አዩ» የሚባለው?

ሰነዱ አለ፤ ቀኑ ግንቦት 22 ቀን 1984 ነው። ለተመልካቹ የታሸገ ፖስታ ተሰጠው፤ ውስጡ ባለች ትንሽ ካርድ ላይ «ፕላኔት ማርስ፤ ጊዜው ከክርስቶስ ልደት በፊት አንድ ሚሊዮን ዓመት ገደማ» ተብሎ ተጽፏል። ፖስታው ክፍለ ጊዜው እስኪያበቃ አልተከፈተም። ጠያቂው በመሃል ቁጥሮች እያነበበ ወደ ተለያዩ ቦታዎች ይወስደዋል። ተመልካቹ ስለ ፒራሚድ መሳይ ነገር፣ ስለ አቧራ ማዕበል፣ ስለ ረጃጅምና ቀጫጭን ሰዎች ይናገራል። ተመልካቹ እሱ እንደነበረ በኋላ የተናገረው ማክሞኒግል ነው።

ብዙ ሰው ይህን ሰነድ እንደ ማስረጃ ያጋራዋል። ነገር ግን ከመዝገቡ ሁሉ ምንም የማያስረዳው እሱ ነው፤ ምክንያቱም የሚመሳከርበት ነገር የለም። ማንም ሄዶ ያላየውን ቦታ፣ ማንም በማይደርስበት ዘመን መግለጽ ልክ ሊሆን አይችልም፣ ስህተትም ሊሆን አይችልም። በዚያ ላይ ጠያቂው መልሱን የሚያውቅ ከሆነ፣ ድምፁ ሲቀየር፣ «ወደዚያኛው ሂድ» ሲል፣ ዝም ሲል፣ ሁሉም ፍንጭ ነው።

ለመሆኑ ሙከራዎቹ የተነቀፉት በምን ነበር?

ሰው የሚጠብቀው መልስ «አጭበርብረዋል» የሚለው ነው። የተገኘው ግን ከዚያ የረቀቀና የተለመደ ነበር።

የመጀመሪያዎቹ ሙከራዎች እንዲህ ነበሩ። ተመራማሪዎች ከመቶ በላይ ከሚሆኑ ቦታዎች አንዱን በዘፈቀደ አውጥተው፣ በግማሽ ሰዓት መንገድ ውስጥ ወዳለው ወደዚያ ቦታ ይሄዱና 15 ደቂቃ ይቆያሉ። ተመልካቹ በዚያው ጊዜ ከሌላ ተመራማሪ ጋር ክፍል ውስጥ ተዘግቶ ይገልጻል፤ ቃሉ ይቀዳል፣ ይጻፋል። ዘጠኝ ጊዜ ከተሠራ በኋላ ዘጠኙ ጽሑፎች ለዳኛ ይሰጣሉ። ዳኛው ዘጠኙን ቦታዎች እየዞረ የትኛው ጽሑፍ ከየትኛው ቦታ ጋር እንደሚሄድ ይወስናል። በፓት ፕራይስ ጽሑፎች ሰባቱ በትክክል ተጣመሩ። በዕድል ብቻ የሚጠበቀው አንድ ነው፤ በጣም አስደናቂ ይመስላል።

ዴቪድ ማርክስና ሪቻርድ ካማን በ1978 «ኔቸር» ላይ እንዳሳዩት፣ ከጽሑፎቹ ውስጥ ፍንጭ የሚሰጡ ቃላት አልወጡም ነበር። አንዱ ውስጥ ስለ ቀደመው ቀን ቦታዎች ይወራል፤ ሌላው ውስጥ «ይህ ሁለተኛው ነው» የሚል ዓይነት ነገር አለ። ዳኛው ደግሞ የቦታዎቹን ዝርዝር የተቀበለው በተሠራበት ቅደም ተከተል ነበር። ስለዚህ አንድ ቃል እንኳ ስለ ቦታው ሳያነቡ፣ የጽሑፎቹን ተራ ብቻ አውቆ ማጣመር ይቻላል። ማርክስ ፍንጮቹን ብቻ ይዞ አጣመራቸው። እነዚያ ፍንጮች ሲወጡ ዳኞች ማጣመር አቃታቸው።

እዚህ ላይ ልብ በሉ፦ ተመልካቹ ንጹሕ ሊሆን ይችላል፣ ዳኛውም እንደዚሁ። ቀዳዳው የነበረው በወረቀቱ አያያዝ ላይ ነው። በዚህ ጉዳይ ላይ የሚከራከር ሰው ሁሉ ስለ አእምሮ ኃይል ይከራከራል፤ ክርክሩ መሆን የነበረበት ስለ ፖስታ፣ ስለ ቀንና ስለ ጸሐፊ ነው።

የሶቪየቱን ክሬን መምታቱስ?

በ1974 ፓት ፕራይስ ሰሚፓላቲንስክ አካባቢ ስላለ የሶቪየት ተቋም ተጠይቆ፣ በሐዲድ ላይ የሚሄድ ግዙፍ ክሬን ነደፈ። በእርግጥም እንዲህ ያለ ክሬን እዚያ ነበር፤ ንድፉም ይመሳሰላል። ከዚሁ ጋር ግን ብዙ የሌሉ ነገሮች ተናግሯል፣ ያሉትንም ሳይጠቅስ አልፏል። ሰው የሚያሳየው ክሬኑን ብቻ ነው። የስለላ ተንታኝ ደግሞ ሥዕሉ በቀረበለት ቀን የትኛው መስመር ክሬኑ እንደሆነ፣ የትኛው ምናባዊ ሕንፃ እንደሆነ የሚለይበት መንገድ የለውም። የሚለየው ሌላ ምንጭ ሲኖረው ነው፤ ሌላ ምንጭ ካለው ደግሞ ይህኛው አያስፈልገውም።

አሜሪካዊው ጄኔራል ጄምስ ዶዚየር በታኅሣሥ 1981 ጣሊያን ውስጥ «ቀይ ብርጌዶች» በተባለው ታጣቂ ቡድን ሲታገትም ተመልካቾች ተጠይቀው ነበር። ያስለቀቀው ግን በጥር 1982 ፓዶቫ ላይ የጣሊያን ልዩ ፖሊስ ነው።

ለምን ተዘጋ?

በ1995 ሲ.አይ.ኤ. አሜሪካን ኢንስቲትዩትስ ፎር ሪሰርች የተባለ ተቋም እንዲገመግመው አዘዘ። ሁለት ተቃራኒ አቋም ያላቸው ባለሙያዎች ተጋበዙ። የስታትስቲክስ ምሁሯ ጄሲካ ኡትስ የላቦራቶሪው ውጤት በዕድል ሊገለጽ አይችልም፣ ክስተቱ አለ አለች። የሥነ ልቦና ምሁሩ ሬይ ሃይማን ቁጥሮቹ ከዕድል በላይ መሆናቸውን ባይክድም፣ ከዚያ ተነስቶ «ሳይኪክ» (የአእምሮ ልዩ ኃይል) ማለት አይቻልም፣ ለምሳሌ በሙከራዎቹ ዳኛ ሆኖ ይሠራ የነበረው አንድ ሰው ብቻ ነው፣ ሌላ ዳኛ ቢሆን ውጤቱ ይደገም እንደሆነ አልታየም አለ።

በስለላው በኩል ግን ክርክር አልነበረም። የተገኘው መረጃ ድፍንና አሻሚ ነበር፤ ግምገማው እንዳለው አንድም ጊዜ የስለላ ሥራን ለመምራት አልዋለም። የተዘጋው በዚህ ነው።

በአገራችን እንዲህ ያለ ነገር አልነበረም?

ነበረ፤ ያውም ሹመት ያለው። ሌባሻይ በአደባባይ የታወቀ ሥራ ነበር። ልጅ መድኃኒት ይጠጣል፣ ወገቡ ይታሰራል፣ እየተንደረደረ ሄዶ የገባበት ቤት ባለቤት የተሰረቀውን ይከፍላል። በኋላ በመንግሥት ተከለከለ። ከፎርት ሚድ ጋር ሲነጻጸር አሠራሩ በአንድ ነገር ይብሳል፦ ውጤቱ ወዲያው ፍርድ ነው፤ ልጁ ተሳስቶ እንደሆነ የሚጣራበት ቦታ የለም። ልጁን የያዘው ሰው ደግሞ መንደሩን ያውቃል፣ ማን እንደሚጠረጠርም ሰምቷል። ገመዱ በአንድ በኩል ልጁን፣ በሌላ በኩል ጥርጣሬውን ይዟል።

ንግርት ደግሞ ሌላ ዓይነት ነው። ፍካሬ ኢየሱስ ቴዎድሮስ የሚባል ንጉሥ እንደሚነግሥ ይናገራል፤ ካሣ ኃይሉ በ1855 ሲነግሡ ስመ መንግሥታቸውን «ቴዎድሮስ» አሉ። ትንቢቱ ተፈጸመ ይባል ወይስ ተነበበ? ትንቢቱን የሚያውቅ ሰው ሊፈጽመው በሚችልበት ቦታ ሁሉ፣ መፈጸሙ ስለ ጊዜ ምንም አይነግረንም።

ራሴን መፈተን እፈልጋለሁ። እንዴት ልሥራ?

ሦስት ሰው፣ 20 ቀን፣ ጥቂት ገንዘብ ይበቃል። ከታች ያለው የወደፊቱን የማዳመጥ ዓይነት ነው፤ የመረጥነው ፍንጭ የሚያፈስበት ቀዳዳ አነስተኛ ስለሆነ ነው።

*ሥዕል።* 100 ፎቶግራፍ አሰባስቡ፣ አምስት አምስት አድርጋችሁ በ20 ጥቅል ክፈሉ። በአንድ ጥቅል ያሉት እርስ በርስ የማይመሳሰሉ ይሁኑ፦ ለምሳሌ ዳሎል፣ የጣና ታንኳ፣ የመርካቶ ጎዳና፣ የላሊበላ ቤተ ክርስቲያን፣ የባሌ ደን። ሁለት ሐይቅ በአንድ ጥቅል ከገባ ዳኛው «ውኃ» የሚለውን ቃል ይዞ ይቸገራል። እያንዳንዱን ሥዕል በሁለት ቅጂ አትሙ፤ አንዱ ለዳኛ፣ ሌላው መጨረሻ ላይ ለተመልካቹ ለማሳየት። ከ1 እስከ 5 ቁጥር ስጧቸው።

*ሰዎች።* ሀ ሥዕሎቹን ያዘጋጃል፣ ከዚያ በኋላ ከተመልካቹ ጋር ስለ ጉዳዩ አያወራም። ለ ተመልካቹ ነው፤ ሥዕሎቹን አያውቃቸውም። ሐ ዳኛው ነው።

*የዕለቱ ሥራ።* ለ በቀን አንድ ጊዜ፣ ለ15 ደቂቃ «ዛሬ ማታ የሚያሳዩኝ ሥዕል ምን ይመስላል?» በሚል ቃላትና ንድፍ ያስቀምጣል። ስም አይጥራ፤ ከጠራ ዳር ላይ ይጻፍና ይረፍ። ወረቀቱ ፎቶ ተነስቶ ለሐ በቴሌግራም ይላክ፤ ሰዓቱ እዚያው ይቀራል። ወረቀቱ ላይ ቀን፣ ተራ ቁጥር፣ «እንደ ትናንቱ» የሚል ነገር አይኑር። ሐ የዕለቱን አምስት ሥዕሎች ከወረቀቱ ጋር አስተያይቶ አንዱን ይመርጥና ምርጫውን ለሀ ጽፎ ይልካል። *ከዚህ በኋላ* ሀ ዳይ ይጥላል፤ ከ1 እስከ 5 የወጣው የዕለቱ ሥዕል ነው፣ 6 ከወጣ እንደገና ይጣል። የወጣው ሥዕል ለተመልካቹ ይታያል።

ዳዩ የሚጣለው ከፍርዱ በኋላ ስለሆነ፣ ማንም ምንም ቢያውቅ ፍንጭ ሊሰጥ አይችልም፤ የሚታወቅ ነገር ገና የለማ።

*ቆጠራ።* ከ20 ቀን በዕድል ብቻ 4 ይመታል። 7 ወይም ከዚያ በላይ መምታት ከመቶ ሰው ለ9 ያህሉ ሊደርስ የሚችል ነገር ስለሆነ አያስደንቅም። 8 ወይም ከዚያ በላይ በዕድል የሚገኘው 3 በመቶ ገደማ ነው፤ እዚያ ከደረሳችሁ ሙከራውን እንደ አዲስ በሌላ 20 ድገሙት፣ የመጀመሪያውን አትቁጠሩ።

አብዛኛው ሰው የሚሳሳተው የት ላይ ነው?

ማቆሚያው ላይ። 12ኛው ቀን ላይ 5 መትተው «በቃ፣ አለ!» ብለው የሚያቆሙ አሉ። ሙከራው ስንት ቀን እንደሆነ አስቀድሞ ካልተጻፈ፣ ውጤቱ ጥሩ በሆነ ሰዓት ማቆም ይመጣል፤ በዚህ መንገድ ዕድል ብቻውን ማንንም ነቢይ ያደርጋል።

ሁለተኛው «ለጥቂት ሳትኩት» የሚለው ነው። ተመልካቹ «ክብ ነገር» ብሎ የወጣው ሥዕል ደን ቢሆን፣ ፀሐይዋ ክብ ናት ይባላል። ለዚህ ነው ዳኛው አስቀድሞ የሚወስነው። ሦስተኛው ዳይ የጣለው ሰው «ይህኛው አላማረኝም» ብሎ ደግሞ መጣሉ ነው፤ የሚያስቅ ይመስላል፣ ግን ይደረጋል።

አራተኛው ከሁሉም የሚሸሸግ ነው። 31 ጓደኛሞች ይህን ሙከራ ቢሠሩ አንዱ 8 ወይም ከዚያ በላይ መምታቱ የሚጠበቅ ነው። ያ ሰው ያወራል፤ ሠላሳው ዝም ይላሉ። ወደ እናንተ ጆሮ የሚደርሰው የአንዱ ወሬ ብቻ ነው።

በተቃራኒው በኩልም ፍትሕ ያስፈልጋል። 20 ቀን ሠርታችሁ 5 ብትመቱ «የለም» ማለት አትችሉም። እውነተኛ ችሎታ ኖሮ ከ20 በመቶ ወደ 28 በመቶ ብቻ የሚያሳድግ ቢሆን፣ በ20 ቀን ውስጥ አብዛኛውን ጊዜ አይታይም፤ ለማየት 170 ያህል ክፍለ ጊዜ ይጠይቃል። ለዚህ ትዕግሥት ያለው ሰው ጥቂት ነው።

ለሎተሪ ወይም ለቤቲንግ ይሠራል?

ቁጥር መስማት ይከብዳል ስለሚሉ ሌላ ዘዴ ፈጥረዋል፦ ቡድን ሀ ካሸነፈ ነገ ብርቱካን እናሳይሃለን፣ ለ ካሸነፈ መጥረቢያ፤ አንተ ነገ የሚታይህን ነገር ብቻ ግለጽ ይባላል። ረስል ታርግና ጓደኞቹ በ1982 በዚህ ዘዴ የብር (የማዕድኑን) ዋጋ ዘጠኝ ጊዜ ተንብየው ሁሉንም እንደመቱ ተናግረዋል። በቀጣዩ ዓመት ሲሞክሩት አልሠራም። ዘዴው ቢሠራ ኖሮ የሚመጣውን ለመገመት ሳይኪክ መሆን አያስፈልግም፦ የአክሲዮን ገበያ ሰዎች ይህንን ክፍል መንግሥት ከመዝጋቱ በፊት ይገዙት ነበር።

ሥልጠና እንሰጣለን ብለው ገንዘብ የሚጠይቁ ሰዎች ካጋጠሟችሁ ከላይ ያለውን የ20 ቀን ሙከራ እነሱ በእናንተ ዳይ እንዲሠሩት ጠይቁ።

ሳይንስ ከዚያ በኋላ አልተመለሰበትም?

ተመልሷል። በ2011 የኮርኔል ዩኒቨርሲቲው ዳሪል ቤም ከሺህ በላይ ሰው የተሳተፈባቸው ዘጠኝ ሙከራዎች አሳተመ፤ ስምንቱ ሰው መጪውን እንደሚሰማ ያሳያሉ አለ። በአንደኛው ተማሪዎች ቃላትን ለማስታወስ ይፈተናሉ፣ *ከፈተናው በኋላ* የተወሰኑትን ያጠናሉ፤ በኋላ ያጠኗቸውን በተሻለ አስታወሱ ተባለ። ሌሎች ሲደግሙት አልተገኘም፤ በ2012 የታተመ አንድ ሥራ ብቻ ሰባት ሙከራ በ3,289 ሰዎች ላይ አድርጎ ምንም አላየም። ጥናቱ የተረፈው ለሌላ ጥቅም ነው፦ ቤም የተጠቀመበት ዘዴ በሥነ ልቦና ዓለም የተለመደው ዘዴ ስለነበር፣ «ይህ እንዲህ ያለ ነገር ካስገኘ ሌሎቹስ ውጤቶቻችን?» የሚል ትልቅ ራስን የመመርመር ዘመን እንዲከፈት አግዟል።

እኔ ሳልፈልግ ድምፅ እሰማለሁ። ይህ ያ ነው?

አይደለም። እዚህ የተገለጸው ሰው ፈልጎ፣ በሰዓቱ ተቀምጦ የሚሠራውና ሲነሳ የሚያቆመው ነገር ነው። ድምፁ ራሱ የሚመጣ ከሆነ፣ የሚያዝ ወይም የሚያስፈራራ ከሆነ፣ እንቅልፍ ከነሳ፣ ከላይ ያለውን ሙከራ አትሥሩ፤ የአእምሮ ሐኪም ጋ ሂዱ። ጸበል የሚሄድ ሰው ይሂድ፤ የተጀመረ መድኃኒት ግን ሐኪሙ ሳያውቅ አይቋረጥ።

ቦታውን ማየት፣ ሰነዶቹን ማንበብ ይቻላል?

ፎርት ሚድ በዋሽንግተንና በባልቲሞር መካከል ነው፤ ሲልቨር ስፕሪንግ ላሉ ወገኖቻችን በመኪና ቅርብ ነው። ዛሬም የሚሠራ ጦር ሰፈር ስለሆነ ግን ያለ ፈቃድ አይገባም፤ ስለዚህ ክፍል የሚያሳይ ሙዚየምም አትጠብቁ።

ሰነዶቹ ግን ከ2017 ጀምሮ በሲ.አይ.ኤ. ድረ ገጽ በነጻ ይነበባሉ። ስታነቡ ተመልካቹ የተናገረውን ብቻ አትዩ። ሦስት ነገር ፈልጉ፦ ጠያቂው ምን ያውቅ ነበር? ግምገማው የተጻፈው መቼ ነው፣ በማን? ስህተት የሆነው ገጽስ አብሮ ተቀምጧል? ሦስተኛው ጥያቄ ላይ ብዙ ፋይል ይወድቃል።

ልብ ወለድ እየጻፍሁ ነው፤ ጊዜን የሚያዳምጥ ምስጢራዊ ማኅበር አለበት። ምን ልውሰድ?

ካባውን ተዉት፣ ቢሮውን ውሰዱ። እውነተኛው ክፍል ውስጥ ያለው ውጥረት ከየትኛውም አስማት ይበልጣል፦ አድማጩ ምን እንደተጠየቀ አያውቅም፤ ስምንት አኃዝ ብቻ ነው የተነበበለት። የሚያውቀው ሰው ደግሞ እንዳይነግረው ፊቱን ማደንደን አለበት። የአድማጩን ቃል የሚተነትነው ሦስተኛ ሰው ሌላ ሕንፃ ውስጥ ነው፤ የተሰማው ነገር እውነት ይሁን አይሁን ለአድማጩ ተመልሶ የሚነገረው አልፎ አልፎ ነው። ሰው ዓመታት ሙሉ ሲያዳምጥ ኖሮ፣ ካዳመጠው ውስጥ የትኛው እንደነበረ ሳያውቅ ጡረታ ይወጣል።

ለማኅበራችሁ ደንብ ስታወጡም አንድ ቀዳዳ ሆን ብላችሁ ተዉ፣ ታሪኩ የሚገባው በዚያ ነው። የቀን መቁጠሪያ የሚጽፈው ጸሐፊ ወረቀቶቹን በቅደም ተከተል ያስቀመጠበት ማታ፣ ወይም ዳዩን ሁለተኛ የጣለው ሰው፣ ከማንኛውም ክፉ ጠላት የተሻለ ገጸ ባሕርይ ይወጣዋል።